«ሄድኩ» ያላለችው ድምፅ

ቫዲቩ በሠላሳ አንድ ፊልሞች ውስጥ ሙት መንፈስ ሆና ጮኻለች፣ ስቃለች፣ አልቅሳለች። ፊቷ ግን በአንዱም አይታይም። ነጭ ሳሪ ለብሰው፣ ፀጉራቸውን ለቅቀው፣ ጃስሚን ሰክተው በመስኮት በኩል የሚያልፉት ሌሎች ሴቶች ናቸው፤ አፋቸውን ሲከፍቱ የሚወጣው ድምፅ ግን የእሷ ነው። በማድራስ፣ የፊልም ስቱዲዮዎቹ በተሰበሰቡበት በኮዳምባካም ሰፈር ሰው ሁሉ «መንፈሷ ቫዲቩ» ይላታል። አትክልት ልትገዛ ስትወጣ ሻጩ ሳይለክፋት አያልፍም።

«ዛሬ ደግሞ ማን ላይ ሊሰፍሩ መጡ፣ እትዬ?»

«ሚዛንህ ላይ። ነፋስ ሳይኖር ሲወዛወዝ አይታይህም?»

ቀልድ የማያልቅባት ይህች ሴት አንድ ቃል ብቻ ከአፏ አይወጣም። «ሄድኩ» አትልም።

እንደ እውነቱ በአገሩ ማንም ይህን ቃል አይልም። ከቤት የሚወጣ ሰው፣ መንገዱ እስከ ማዕዘኑ ሱቅ ቢሆን እንኳ፣ «ሄጄ መጣሁ» ብሎ ነው የሚወጣው። «ሄድኩ» ብሎ የሚሄደው ከሰው ላይ የሚለቅ መንፈስ ነው። አፉን ስቶት ቃሉ ያመለጠው ሰው ከደጅ ይጠራል፣ ይቀመጣል፣ ውሃ ይጎነጫል፣ ከዚያ እንደ አዲስ ተሰናብቶ ይወጣል። ሁለት ደቂቃ የማይፈጅ ነገር ነው። የቫዲቩ ነገር ለየት የሚለው ግን በሥራዋም ላይ እምቢ በማለቷ ነው። መንፈስ በመጨረሻው ትዕይንት «ሄድኩ» ካላለች ደግሞ ፊልሙ አያልቅም። በዚህ ምክንያት ከ1987 ወዲህ ብዙ ሥራ አልፏታል። አዘጋጆች «ጩኸቱን ለቫዲቩ፣ መሰናበቻውን ለሌላ» ማለት ለመዱ፤ ቆይተው ደግሞ ሁለት ሴት ከመቅጠር አንዷን ማስቀረት ቀለላቸው።

ቃሉን መጀመሪያ የሰማችው በስምንት ዓመቷ፣ ቲሩኔልቬሊ አጠገብ በምትገኘው መንደራቸው ነው። አክስቷ ፔቺ ከቤተ መቅደሱ ፊት ፀጉሯ ተበትኖ፣ ራሷን እያሽከረከረች ትወድቃለች ትነሣለች። መንፈስ አስለቃቂው በኒም ቅጠል ይገርፋታል። «ማን ነሽ?» ሲላት ጉድጓድ ገብታ የሞተች የጎረቤት ምራት መሆኗን ተናገረች። ከዚያ ዘረገፈችው፤ ከጎህ በፊት ስላስፈጯት እህል፣ ሦስት ቀን ስለተከለከለችው ምግብ፣ የአማቷ እጅ የት የት እንዳረፈባት። መንደርተኛው እጁን አጣምሮ ቆሞ ሰማት። የፔቺ አማት ራሷ አለቀሰች። በመጨረሻ አክስቷ ሦስት ጊዜ «ሄድኩ፣ ሄድኩ፣ ሄድኩ» ብላ ጮኸች፤ ከፀጉሯ ዘለላ ቆርጠው በሁመር ዛፍ ግንድ ላይ በሚስማር መቱት።

በማግስቱ ፔቺ ወፍጮዋ ላይ ነበረች። ማንም ምንም አልጠየቃትም። ጉድጓድ የገባች የጎረቤት ምራት በዚያ መንደር እንዳልነበረች፣ የተዘረገፈው ብሶት ሁሉ የፔቺ የራሷ እንደነበረ ቫዲቩ ያወቀችው ካደገች በኋላ ነው።

በ1970 በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ማድራስ ገብታ ስቱዲዮ በር ላይ ስትቆም ይዛ የመጣችው ይህንኑ የአክስቷን ድምፅ ነው። መጀመሪያ ላይ ሊሰማው የፈለገ አልነበረም። የዚያን ጊዜ የመንፈስ ፊልም ሲያልቅ መንፈስ የለም፤ አንሶላ የተከናነበ የባለርስቱ ሎሌ ይያዛል፣ ተመልካቹም በራሱ ፍርሃት ስቆ ወደ ቤቱ ይሄዳል። የቫዲቩ ጩኸት ለማሳሳቻ ያህል ነበር። ቀጥሎ አማልክት የሚገቡባቸው ፊልሞች መጡ፤ በሦስተኛው ሰዓት እንስቷ አምላክ ጦሯን ይዛ ትደርስና መንፈሷን ትወጋታለች። ከዚያ በኋላ ነው የተበደለችው ሙሽራ የመጣችው፦ ተገድላ፣ ተቀብራ፣ ገዳዮቿን አንድ በአንድ የምትለቅም። በዚህኛው ነው ቫዲቩ ቦታዋን ያገኘችው። ልጅቷ በሕይወት ሳለች የምትናገረውን ለስላሳ ድምፅ ያላት ሌላ ሴት ትቀዳዋለች፤ ከሞተች በኋላ ያለው የቫዲቩ ነው።

«በሕይወት እያለች ስትናገር ሕዝቡ ኦቾሎኒ ይቆረጥማል፤ ስትሞት ነው ጆሮ የሚሰጣት» ትል ነበር።

ባሏ ሳባፓቲ የዚያው ሥራ ሌላው ግማሽ ነበር። የኮቴ፣ የበር፣ የዝናብ ድምፅ የሚሠራ ሰው ነው። መንፈስ መምጣቷ የሚታወቀው በአልቦዋ ሻኩራ ነውና፣ ትዳር የያዙ ሰሞን ሌላ አልቦ ሁሉ አላምር ብሎት የሠርጓን አልቦ ከእግሯ ፈትቶ ወሰደ። ለሩቅ እርምጃ በጨርቅ ይጠቀልለዋል፤ ለቅርብ ራቁቱን ያራግፈዋል፤ ዓይኑን ከሥዕሉ ሳይነቅል፣ በእጁ ይራመድበታል። ሲኒማ አዳራሽ ውስጥ ያ ድምፅ ሲሰማ ሰው እግሩን ከወለሉ አንሥቶ ወንበሩ ላይ ይሰበስብ ነበር። ቫዲቩ በጨለማ ተቀምጣ ይህን ስታይ «የኔ እግር ነው የሚያሯሩጣችሁ» እያለች በሆዷ ትስቃለች።

ጁላይ 28 ቀን 1987፣ ማክሰኞ ነበር። የሁመር ዛፏ ሙሽራ የምትባል መንፈስ ያለችበት ፊልም የመጨረሻው ጥቅል ድምፅ ሊቀረጽ ነው። ሳባፓቲ ጠዋት መንፈሷ ወደ ዛፉ የምትራመዳቸውን የሰባት እርምጃዎች የአልቦ ድምፅ ይሠራል፤ ቫዲቩ ስምንት ሰዓት ላይ ገብታ መሰናበቻውን ትላለች። አዘጋጁ በሥራ ዘመኗ ለመጀመሪያ ጊዜ ስሟን ከፊልሙ መክፈቻ ላይ ሊጽፍላት ቃል ገብቶላታል።

ከንጋት ጀምሮ መስታወት ፊት ቆማ «ሄድኩ» ትላለች። አንዴ በቁጣ፣ አንዴ በልቅሶ፣ አንዴ በሹክሹክታ። የዘጠኝ ዓመቷ ልጃቸው ማላር ኢድሊ የሚሉትን የሩዝ ቂጣ እየቆረሰች ትቆጥራለች።

«አርባ ሁለት። እማ፣ ይቺ መንፈስ መቼ ነው የምትሄደው?»

ማላር እጇን ልትታጠብ ጓሮ ወጣች። ሳባፓቲ ሸሚዙን ሳይቆልፍ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ነበር። «ዛሬ ደረቴን ከበድ ብሎኛል» አለ። «ሰው ልኬ ለነገ ይሁን ብል ምን ይመስልሻል?»

«ትናንት ያንን ሁሉ ዘይት የጠጣ ቫዳ በልተው ነዋ። የቁንዶ በርበሬ መረቅ አለ፣ ይጠጡና ይለቅዎታል።»

«ቫዳ አይመስለኝም።»

«እርስዎ ካልገቡ የኔም ቀረጻ ይዘላል። ነገ ስቱዲዮው ለሌላ ነው። ሰባት እርምጃ ነው የቀረዎት፣ የማላር አባት። ሰባት!»

መረቁን ጠጣ። አልቦውን በጨርቅ ጠቅልሎ ቦርሳው ውስጥ ከተተ። በሩ ላይ ሲደርስ ዞረ፤ ፎጣውን ራሱ ላይ ጣል አደረገና፣ ድምፁን እንደ ሴት አቅጥኖ፣ ልክ እንደሷ «ሄድኩ… ሄድኩ… ሄድኩ…» አለ።

ከጓሮ የተመለሰችው ማላር በሳቅ ፈረሰች። ቫዲቩም ሳቀች። ከሳቋ መሃል ብድግ ልትል ብላ ነበር፤ ልትጠራው፣ ውሃ ልታስጎነጨው። ሰዓቱን አየችና ተወችው። ወደ መስታወቱ ዞረች። «አርባ ሦስት» አለች ማላር።

ከረፋዱ አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ከስቱዲዮው ጓሮ፣ ሻይ ከሚሸጥበት ጥላ ሥር፣ አግዳሚ ላይ ተቀምጦ ሞቶ አገኙት። አርባ አንድ ዓመቱ ነበር። ቦርሳው ማታ ደረሰላት፤ አልቦው ጨርቁ ውስጥ እንደታሰረ። መሰናበቻውን ሌላ ሴት ቀዳችው፣ ፊልሙ በሳምንቱ ወጣ፣ የመክፈቻውም ስም የዚያች ሴት ሆነ።

ቫዲቩ ይህን ታሪክ ለጠየቃት ሁሉ ስታወራ ኖራለች። ሰው ከንፈሩን ይመጥላታል። «እየሳቅሁ ለቀቅሁት» ትላለች። «ቃሏን ከአፉ ባስመለስኳት ኖሮ። ሁለት ደቂቃ። ውሃ ብቻ።» ጎረቤቶቿ የሚያውቁት፣ ማላርም እየሰማች ያደገችው ይህንን ነው። ማላር ደግሞ ለማንም ያልነገረችው የራሷ ድርሻ ነበራት፦ ከሁሉም በላይ የሳቀችው እሷ ናት። ቫዲቩ በምታወራው ታሪክ ውስጥ ግን ደረት የለም። አልጋ ጫፍ ላይ የተቀመጠ ሰው የለም፣ «ቫዳ አይመስለኝም» የለም። ፎጣው፣ ቃሉና ሳቁ ብቻ ናቸው ያሉት። ለሠላሳ አራት ዓመት እንዲህ ስለተነገረ፣ እሷም ራሷ አንዳንድ ቀን ነገሩ ከበሩ ላይ የጀመረ ይመስላት ነበር።

በዚህ መሃል የመንፈስ ፊልሞቹ ተለወጡ። ማላር ባንክ ገብታ፣ አግብታ፣ ሁለት ልጆች አሳድጋ በበዓል ቀን እናቷን ወደ አዳራሽ ትወስዳታለች። አሁን ሳቅ ነው። ወፍራም ወንድ ከቀጭን ወንድ ጋር እየተጋጨ ከክፍል ክፍል ይሯሯጣል፤ ሕፃናት ወንበር ላይ ይዘላሉ፤ ከእረፍት በኋላ መንፈሷ ተቀምጣ የበደሏን ታሪክ ታወራለች፤ ያኔ ሳቁ ጸጥ ይላል።

«እንዴት አየሽው፣ እማ?»

«ደህና ነው። በኛ ጊዜ ሰው ነበር መንፈስን የሚፈራው፤ አሁን እሷ ናት ሰውን ፈርታ የምታለቅሰው።» ደግሞ ትጨምራለች፦ «ግን ያው ነው። አሁንም ካልሞተች አይሰሟትም።»

በፌብሩዋሪ 2022 ኢንባ የምትባል ሴት ደወለች። አሮጌ ፊልሞች ከመበስበስ በፊት የሚያድን ክፍል ኃላፊ ናት። የሁመር ዛፏ ሙሽራ ፊልም ተገኝቷል፤ ሥዕሉ ደህና ነው፣ የመጨረሻው ጥቅል ድምፅ ግን ሻጋታ በልቶታል፤ አርባ ሰከንዱ የለም። መሰናበቻው የለም።

«ከሞተች በኋላ በሌላው ክፍል ሁሉ ያለው የርስዎ ድምፅ ነው፣ እማማ። መንፈስ ከሆነች ጀምሮ የርስዎ ሆና፣ ስትሄድ የሌላ ሰው ልትሆን አይገባም። በ2022 እንደተቀዳ በመዝገቡ ላይ በግልጽ እጽፋለሁ። ማንንም አላታልልም።»

«ያንን ቃል አልልም፣ ልጄ። ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል።»

«ሰምቻለሁ። አንድ ነገር ግን አለ። ከፊልሙ የድምፅ ባለሙያ ከሟቹ ዴቫሳሃያም ቤት ካርቶን ሙሉ የድምፅ መቅጃ ክር አግኝተናል። አንዱ ላይ ‹የመጨረሻ ጥቅል፤ አልቦ፤ ሦስተኛ ሙከራ፤ ያልተሟላ› ይላል። ቀኑ ጁላይ 28 ነው። ሳያዳምጡት ልጠቀምበት አልፈለግሁም።»

 ያልተሟላም ቢሆን ያ አልቦ እንደገና ሊራመድ ነው። «ከልጄ ጋር እመጣለሁ» አለች ቫዲቩ።

ማላር ከባንክ ፈቃድ ጠይቃ መጣች። በባጃጅ ሄዱ። ክፍሉ ትንሽ ነው፤ ግድግዳው በስፖንጅ የተለበጠ፣ ሁለት ወንበር፣ አንድ ማይክሮፎን። ኢንባ አርባ ዓመት ያልሞላት፣ መነጽሯን ፀጉሯ ላይ የሰካች ሴት ናት። ክሩን ስትነካው በሁለት ጣቷ ጫፍ ነው።

«ብዙው እርምጃ ነው፤ መጨረሻው ላይ ወሬ አለ። እንዳለ ላሰማዎት?»

«እንዳለ።»

መጀመሪያ ፉጨት የሚመስል የክር ድምፅ። ከዚያ አልቦው። ቫዲቩ ሳታውቀው እግሯን ከወለሉ አነሣች። አንድ። ሁለት። ሦስት። አራተኛው ከሌሎቹ ዘግይቶ መጣ፤ ከዚያ የለም። ከአልቦው ይልቅ የሚጎላ የትንፋሽ ድምፅ ተሰማ።

«ሰባት ነው፣ ሳባፓቲ» አለ የዴቫሳሃያም ድምፅ። «አራት ላይ ቆመች። ምነው፣ መንፈሷ ደከማት?»

«መንፈሷስ ደህና ናት። እኔ ነኝ።» ትንፋሽ። «ጠዋት ለማላር እናት ነግሬያት ነበር፣ ደረቴን ከበደኝ ብዬ።»

«እና ምን አለች?»

«ቫዳ ነው አለች።» ሁለቱም ሳቁ። የሳባፓቲ ሳቅ ቶሎ ተቆረጠ። «ዛሬ ትልቅ ቀኗ ነው፣ አንተ። ስሟን ሊጽፉላት ነው። ደግሜ ልነግራት ፈልጌ ነበር፤ መስታወቱ ፊት ሳያት ተውኩት።»

«በል ውጣና ነፋስ ይምታህ። ሻይ ጠጣ። ክሩን አላጠፋውም።»

«እሺ። ሄጄ መጣሁ።»

አልቦው ጨርቅ ውስጥ ሲገባ የታፈነ ድምፅ ሰጠ። በር ተከፈተ፣ ተዘጋ። ክሩ ባዶውን ሲሄድ ቆየ፤ ዴቫሳሃያም እንዳለው አላጠፋውም ነበር። ከሩቅ የመኪና ጥሩምባ ይሰማል። ኢንባ እጇን ዘረጋችና መለሰችው፣ አቆመችው።

ቫዲቩ ለሠላሳ አራት ዓመት ተኩል ስታስመልስ የኖረችው ቃል ተመልሶ መጣ። «ሄጄ መጣሁ» ብሏል። በደንቡ፣ እንደ ሰው፣ በትክክል ተሰናብቷል፤ ለሥራ ባልደረባው። ብሎም ግን አልተመለሰም። እንግዲህ ቃሉ አልነበረም። ያ ሁሉ ዓመት ከቃሉ ጀርባ ደብቃ ያቆየችው ነገር አሁን ማንም ሳይከልለው መሃል ክፍሉ ላይ ቆሟል።

ማላር ቀስ ብላ ዞረች። «እማ። ነግሮሽ ነበር?»

«ነግሮኝ ነበር።»

«ደረቴን ብሎሽ?»

«ሁለቴ። ‹ቫዳ አይመስለኝም›ም ብሎኛል።»

«እኔን ግን…» ማላር ከወንበሩ ተነሣች። «እኔን ግን ዕድሜዬን ሙሉ ‹ሳቅን› ነው ያልሽኝ። ‹ሳቅን፣ ማላር፣ ስቀን ሸኘነው›። ሳቅን! ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። ለእኔ መች ነገረኝ?»

 ማላር ቦርሳዋን አንሥታ ኮሪደሩ ላይ ወጥታ ቆመች።

ኢንባ ክሩን ከማጫወቻው ልታወጣ ተነሣች። «ዛሬ ይቅር፣ እማማ። ሌላ ቀን።»

«የለም። አስነሺው። አራቱን እርምጃ አስቀድሚ። ትንፋሹንም አትቁረጪው።»

«ትንፋሹ የመንፈሷ ይመስላል እኮ።»

«ይምሰል።»

ማይክሮፎኑ ፊት ቆመች። በ1987 ያን ያህል ጊዜ የተለማመደችው በጩኸት ነበር፤ እንደ አክስቷ እንደ ፔቺ፣ ዛፍ እንዲሰማው። ሥዕሉ ላይ ነጭ ሳሪ የለበሰችው ሴት ወደ ሁመሩ ዛፍ ሰባት ተራመደች፤ የተሰማው አራቱ ነው። ቫዲቩ «ሄድኩ» አለች። አልጮኸችም። ነገ ይሁን ብል ምን ይመስልሻል ብሎ እንደሚጠይቅ ሰው፣ እምቢ ቢሉት እሺ እንደሚል ሰው አለችው። ሁለተኛውን ዝቅ አድርጋ አለች። ሦስተኛው በጭንቅ ነው የተሰማው። ኢንባ መነጽሯን አውልቃ ዓይኗን ጠረገች፣ ድገሚው አላለችም።

«ለመዝገቡ» አለች ቆይታ፣ «አልቦውን የሠራው ሰው ስም በፊልሙ ላይ የለም። እንዴት ነው የሚጻፈው?»

ቫዲቩ የባሏን ስም በአፏ ጠርታ አታውቅም፤ በእሷ ዘመን ሴት የባሏን ስም አትጠራም። ብዕሩን ተቀብላ ራሷ ጻፈችው። ከሥሩ «ያልተሟላ» የሚለውን አየች፤ አልሰረዘችውም። የተጻፈው እውነት ነው።

እናትና ልጅ በባጃጅ ተመለሱ። ማላር እስከ በሩ አደረሰቻት፣ መድኃኒቷን መደርደሪያው ላይ አስቀመጠች፣ ለማታ የሚሆን ሩዝ በእርጎ መኖሩን ክዳኑን ከፍታ አየች። ጫማዋን ስታደርግ ጀርባዋን ሰጥታ ነበር።

«ሄድኩ» አለች።

አምልጧት ይሁን አውቃ፣ ከጀርባዋ አይታወቅም። ደረጃውን ሁለት ወርዳለች።

«ማላር።»

አልዞረችም።

«ማላር፣ ተመለሺ። ተመልሰሽ ተቀመጪ።»

ማላር ደረጃው ላይ ቆመች። ታች መንገዱ ላይ ባጃጁ ሞተሩን አላጠፋም። ቆይታ ተመለሰች፤ ከነጫማዋ፣ በሩ አጠገብ ካለው ወንበር ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ቫዲቩ በብረት ኩባያ ውሃ ይዛላት መጣች። ማላር ኩባያውን ተቀበለችና ጭኗ ላይ አስቀመጠችው።

«ለደንቡ ከሆነ ጠጥቼ ልሂድ» አለች።

«ለደንቡ አይደለም።» ቫዲቩ ወለሉ ላይ፣ ከልጇ እግር ፊት ተቀመጠች። «ንገሪኝ። ያልነገርሽኝን ሁሉ። ዛሬ ቀረጻ የለብኝም።»